የእንግሊዝኛ መስተዋድዶች አጠቃቀም

መስተዋድድ ማለት ስምን ወይም ተውላጠ ስምን ከሌላው የዓረፍተ ነገር ክፍል ጋር የሚያገናኝና በመካከላቸው ያለውን የቦታ፣ የጊዜ፣ የአቅጣጫ፣ የመሣሪያ ወይም የምክንያት ዝምድና የሚያሳይ ቃል ነው። በእንግሊዝኛ «ፕሪፖዚሽን» ይባላል። ከእንግሊዝኛ መስተዋድዶች ውስጥ አብዝተው የሚያገለግሉት «ኢን»፣ «ኦን»፣ «አት»፣ «ቱ»፣ «ፎር»፣ «ፍሮም»፣ «ባይ»፣ «ዊዝ» እና «ኦቭ» ናቸው። ቃላቱ አጫጭር ቢሆኑም እንግሊዝኛን በሁለተኛ ቋንቋነት የሚማር ሰው ለረጅም ጊዜ የሚሳሳትባቸው ናቸው።

ለአማርኛ ተናጋሪ ችግሩ የቃላቱ ብዛት አይደለም። አንድ የአማርኛ መስተዋድድ በእንግሊዝኛ ብዙ አቻዎች አሉት፤ አንድ የእንግሊዝኛ መስተዋድድም እንዲሁ በአማርኛ ብዙ አቻዎች አሉት። ስለዚህ «የ‹በ› እንግሊዝኛው ምንድን ነው?» ለሚለው ጥያቄ መልስ የለውም። መልስ ያለው ጥያቄ «እዚህ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ‹በ› የሚያሳየው ዝምድና የቱ ነው?» የሚለው ነው።

በኢትዮጵያ ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ የትምህርት ቋንቋው እንግሊዝኛ በመሆኑ ጉዳዩ በእንግሊዝኛ ክፍለ ጊዜ ብቻ አያበቃም። በሒሳብ ወይም በፊዚክስ ፈተና ውስጥ አንዲት መስተዋድድ መልሱን ልትቀይር ትችላለች። የዚህ መጣጥፍ ምሳሌዎች በአብዛኛው የተወሰዱት ከአዲስ አበባው መስቀል አደባባይና ከአካባቢው ነው።

የሁለቱ ቋንቋዎች ልዩነት

በባየ ይማም «የአማርኛ ሰዋስው» (1987 ዓ.ም.) መስተዋድድ ከአምስቱ የቃል ክፍሎች አንዱ ነው። አማርኛ ዝምድናን የሚገልጸው ግን በአንድ ቦታ ብቻ አይደለም፤ በሦስት ቦታ ነው።

1. ከስም በፊት ተለጥፈው በሚመጡ፦ በ፣ ከ፣ ለ፣ ወደ፣ ስለ፣ እንደ፣ እስከ፣ ያለ።
2. ከስም በኋላ በሚመጡ፦ ላይ፣ ውስጥ፣ ሥር፣ አጠገብ፣ ፊት፣ ኋላ፣ መካከል። እነዚህ ብዙ ጊዜ ከፊተኞቹ ጋር ይጣመራሉ፤ ለምሳሌ «ከሣጥኑ ውስጥ»፣ «ወደ ጣሪያው ላይ»።
3. በግሱ ላይ በሚቀጠሉ፦ «-ለት» እና «-በት»፤ ለምሳሌ «ፈረደለት»፣ «ፈረደበት»።

እንግሊዝኛ ይህን ሁሉ ሥራ የሚሠራው ከስሙ በፊት ለብቻው ቆሞ በሚጻፍ ቃል ነው። ጥንታዊው እንግሊዝኛ የስሞችን ሙያ በቃል መጨረሻ ላይ በሚለዋወጡ ቅጥያዎች ያሳይ ነበር። ቅጥያዎቹ በጊዜ ብዛት ሲጠፉ ሥራቸው ወደ ቃል ቅደም ተከተልና ወደ መስተዋድድ ተዛወረ። ዛሬ የእንግሊዝኛ መስተዋድድ ብዙ የሚሸከመው ለዚህ ነው።

ልዩነቱ ጎልቶ የሚታየው በ«በ» ነው፦

- በአዲስ አበባ እኖራለሁ፦ «ኢን»
- በመስቀል አደባባይ እንገናኝ፦ «አት»
- በመስከረም 17 ቀን፦ «ኦን»
- በአውቶቡስ መጣሁ፦ «ባይ»
- በእግሬ መጣሁ፦ «ኦን»
- በቢላዋ ቆረጠው፦ «ዊዝ»
- በአማርኛ ጻፈ፦ «ኢን»
- በመስኮት ገባ፦ «ስሩ»
- በወባ ሞተ፦ «ኦቭ»
- በደርግ ጊዜ አደባባዩ አብዮት አደባባይ ይባል ነበር፦ «አንደር»፤ እንግሊዝኛው አገዛዙን ከላይ፣ ተገዢውን ከሥር አድርጎ ያያል።

ቦታ፦ «አት»፣ «ኦን» እና «ኢን»

ሦስቱን የሚለያቸው የቦታው ስም አይደለም፤ ተናጋሪው ቦታውን የሚያይበት መንገድ ነው።

- «አት» ቦታውን እንደ ነጥብ ያያል። ስፋቱና ውስጡ አያሳስብም፤ በካርታ ላይ ጣት የሚያርፍበት ቦታ ነው።
- «ኦን» ቦታውን እንደ ገጽ ወይም እንደ መስመር ያያል። ነገሩ ገጹን ይነካል።
- «ኢን» ቦታውን ወሰን እንዳለው ክልል ያያል። ነገሩ በወሰኑ ውስጥ ነው።

መስቀል አደባባይ ሦስቱንም ያስተናግዳል። ሁለት ጓደኛሞች ሲቀጣጠሩ «ሌት አስ ሚት አት መስቀል ስኩዌር» ይባባላሉ፤ አደባባዩ የመገናኛ ነጥብ ነው። በመስከረም 16 ቀን ደመራው የሚቆመው በአደባባዩ ክልል ውስጥ ስለሆነ «ዘ ደመራ ስታንድስ ኢን መስቀል ስኩዌር» ማለት ይቻላል። ጠዋት ጠዋት በደረጃዎቹ ላይ የሚሮጡ ሰዎች ግን «ኦን ዘ ስቴፕስ» ናቸው። አደባባዩ በ2013 ዓ.ም. ታድሶ ሲመረቅ ከሥሩ የመኪና ማቆሚያ ስለተሠራለት እዚያ የቆሙት መኪኖች «አንደር ዘ ስኩዌር» ናቸው።

ከዚህ እንደሚታየው «አት መስቀል ስኩዌር» እና «ኢን መስቀል ስኩዌር» ሁለቱም ትክክል ናቸው። ሕዝቡ በአደባባዩ ተሰበሰበ ሲባልም የፈለጉትን መምረጥ ይቻላል። ስሕተት የሚሆነው ምርጫው ከሐሳቡ ጋር ሲጋጭ ነው።

ለአገር፣ ለከተማ፣ ለክፍለ ከተማና ለሰፈር የሚያገለግለው «ኢን» ነው፦ «ኢን ኢትዮጵያ»፣ «ኢን ቂርቆስ»፣ «ኢን ካዛንቺስ»። ለፎቅ «ኦን» ይሆናል። ለመንገድ አሜሪካውያን «ኦን»፣ ብሪታኒያውያን ብዙ ጊዜ «ኢን» ይላሉ፤ ስም ላላቸው ትልልቅ መንገዶች ግን በሁለቱም ዘንድ «ኦን ቦሌ ሮድ» ማለት የተለመደ ነው።

በኮምፒውተርና በስልክ ዙሪያ አማርኛው ያሳስታል። «ኮምፒውተሬ ውስጥ ያለ ፎቶ» ስለምንል «ኢን ማይ ኮምፒውተር» ማለት ይቀናናል፤ የተለመደው ግን «ኦን ማይ ኮምፒውተር» ነው። ኢንተርኔት፣ ስክሪንና ድረ ገጽም «ኦን» ይወስዳሉ። ፋይልና ፎልደር ዕቃ እንደሚይዝ ሣጥን ስለሚታዩ «ኢን» ይወስዳሉ።

ሌላው ጥንቃቄ የሚሻው «ፊት ለፊት» ነው። «እስጢፋኖስ ቤተ ክርስቲያን ፊት ለፊት ጠብቀኝ» የተባለ ሰው ብዙ ጊዜ የሚረዳው ከመንገዱ ማዶ ያለውን ቦታ ነው። ይህ በእንግሊዝኛ «ኦፖዚት» ነው። «ኢን ፍሮንት ኦቭ» ግን ከደጃፉ በፊት፣ በዚያው በኩል ያለውን ቦታ ያሳያል። ሁለቱን ያደባለቁ ተቀጣጣሪዎች አንዱ ከመንገዱ ወዲህ፣ ሌላው ከመንገዱ ወዲያ ቆመው ሊጠባበቁ ይችላሉ።

እንቅስቃሴ

ለመድረሻ የሚያገለግለው «ቱ» ነው። ወደ ውስጥ መግባት ካለበት «ኢንቱ»፣ አቅጣጫ ብቻ ከሆነና መድረሱ ካልተነገረ «ቱዋርድስ» ይሆናል። «ወደ ካዛንቺስ ሄደ» ሲባል አማርኛው ሁለቱንም ሊይዝ ይችላል። በእንግሊዝኛ «ቱ» ካልን የሄደበት መድረሻ ካዛንቺስ ነው፤ «ቱዋርድስ» ካልን ፊቱን ወደዚያ አዙሮ መሄዱን ብቻ ነው የምናውቀው።

«መስቀል አደባባይ ደረስን» በአማርኛ መስተዋድድ የለውም። በእንግሊዝኛ በ«አራይቭ» ከተነገረ ለነጥብ «አት»፣ ለከተማና ለአገር «ኢን» ያስፈልገዋል፦ «አራይቭድ አት መስቀል ስኩዌር»፣ «አራይቭድ ኢን አዲስ አበባ»። በ«ሪች» ከተነገረ ግን ምንም አይጨመርም። «አራይቭ ቱ» ስሕተት ነው። «ወደ ቤት ሄደ» ሲባልም «ቱ» አይገባም፤ «ጎ ሆም» ብቻ ነው።

ጊዜ

ለሰዓት «አት»፣ ለዕለትና ለቀን ቁጥር «ኦን»፣ ለወር፣ ለዓመትና ለዘመን «ኢን» ይውላል፦ «አት ናይን»፣ «ኦን ሰንዴይ»፣ «ኢን ሴፕቴምበር»፣ «ኢን 2013»። የቀን ክፍሎች «ኢን ዘ ሞርኒንግ» እና «ኢን ዘ ኢቭኒንግ» ሲባሉ ሌሊት ግን «አት ናይት» ነው። ቀኑ ከተጠቀሰ ጠዋትም «ኦን» ይሆናል፦ «ኦን ሰንዴይ ሞርኒንግ»። በአማርኛ ጠዋት 3 ሰዓት የምንለው በእንግሊዝኛ 9 ሰዓት ስለሆነ፣ መስተዋድዱ ትክክል ሆኖ እንኳ ቀጠሮው በስድስት ሰዓት ሊዛነፍ ይችላል።

ብዙ ጉዳት የሚያደርሱት የሚከተሉት ሦስት ጥንዶች ናቸው።

«ባይ» እና «አንቲል»። ሁለቱም በአማርኛ «እስከ» ናቸው። «እስከ ዓርብ አስረክብ» በእንግሊዝኛ «ባይ ፍራይዴይ» ነው፤ ድርጊቱ አንድ ጊዜ ይፈጸማል፣ ዓርብም የመጨረሻው ቀን ነው። «እስከ ዓርብ ጠብቅ» ግን «አንቲል ፍራይዴይ» ነው፤ ድርጊቱ ሳይቋረጥ እስከዚያ ይዘልቃል። በአማርኛ ልዩነቱን የሚነግረን ግሱ ነው፤ በእንግሊዝኛ ግን ግሱ ብቻውን አይበቃም፣ መስተዋድዱም አብሮ መለየት አለበት።

«ኢን ቱ ዊክስ» እና «ዊዝኢን ቱ ዊክስ»። የመጀመሪያው «ከሁለት ሳምንት በኋላ»፣ ሁለተኛው «በሁለት ሳምንት ጊዜ ውስጥ» ማለት ነው። «ኢን»ን ሁልጊዜ «ውስጥ» ብሎ የሚተረጉም ተማሪ፣ ውጤቱ «ኢን ቱ ዊክስ» ይወጣል የሚል ማስታወቂያ ሲያነብ በማግስቱ መጠበቅ ይጀምራል። በተቃራኒው ደግሞ «ሰነዶችህን ዊዝኢን ቱ ዊክስ ላክ» የሚለውን «ከሁለት ሳምንት በኋላ» ብሎ ቢረዳው የማመልከቻው ቀን ያልፍበታል።

«ሲንስ» እና «ፎር»። «ሲንስ» የሚከተለው የመነሻ ጊዜ ነው፣ «ፎር» የሚከተለው የቆይታ ርዝመት ነው። ከ2010 ጀምሮ ለማለት «ሲንስ 2010»፣ ለሦስት ዓመት ለማለት «ፎር ስሪ ይርስ» ይባላል። «ሲንስ ስሪ ይርስ» የሚለው ስሕተት «ከሦስት ዓመት ጀምሮ» ከሚለው አነጋገር የተቀዳ ነው።

መጓጓዣና መሣሪያ

የመጓጓዣው ዓይነት ብቻ ሲነገር «ባይ» ይገባል፤ ከስሙ በፊትም «ኤ» ወይም «ዘ» አይጨመርም፦ «ባይ በስ»፣ «ባይ ታክሲ»፣ «ባይ ትሬን»። ተለይቶ የታወቀ ተሽከርካሪ ከሆነ፣ ቆመው ሊራመዱበት በሚችሉት ላይ «ኦን»፣ ታጥፈው በሚገቡበት ላይ «ኢን» ይውላል። ስለዚህ በአንበሳ አውቶቡስና በቀላል ባቡር የሚሄድ ሰው «ኦን ዘ በስ» እና «ኦን ዘ ትሬን» ሲሆን፣ በላዳ የሚሄድ ሰው «ኢን ኤ ታክሲ» ነው። ፈረስና ብስክሌትም «ኦን» ናቸው።

በመሣሪያ ረገድ የተያዘው ዕቃ «ዊዝ» ይወስዳል፤ ድርጊቱን የፈጸመው ሰው «ባይ» ይወስዳል። «በሌባ ተሰበረ» እና «በድንጋይ ተሰበረ» ሁለቱም በአማርኛ «በ» ቢሆኑም፣ በእንግሊዝኛ ሌባው «ባይ»፣ ድንጋዩ «ዊዝ» ነው።

ቁጥርና ስሌት

«የታክሲው ዋጋ በ5 ብር ጨመረ» በእንግሊዝኛ «ባይ 5 ብር» ሲሆን «ወደ 15 ብር ከፍ አለ» ደግሞ «ቱ 15 ብር» ነው። የመጀመሪያው ልዩነቱን፣ ሁለተኛው የደረሰበትን መጠን ይናገራል። ዋጋው 100 የነበረ ዕቃ «ባይ 20 ፐርሰንት» ከቀነሰ አሁን 80 ነው፤ ከመጀመሪያው ዋጋ «ቱ 20 ፐርሰንት» ከቀነሰ ግን 20 ነው። በፈተና ላይ ስሌቱን እያወቁ መልሱን መሳት ከሚያመጡት ነገሮች አንዱ ይህ ነው።

በማካፈልም እንዲሁ «20 ዲቫይድድ ባይ 5» ማለት 20 ለ5 ሲካፈል ማለት ነው፤ መልሱም 4 ነው። «5 ኢንቱ 20» ሲባል የቁጥሮቹ ቅደም ተከተል ቢገለበጥም መልሱ ያው 4 ነው። «ወደ 50 ሰው መጣ» በሚለው ውስጥ ያለው «ወደ» ደግሞ አቅጣጫ ሳይሆን ግምት ስለሆነ እንግሊዝኛው «አባውት 50» ነው።

ከግሶች ጋር

አንዳንድ ግሶች በአማርኛ መስተዋድድ ይወስዳሉ፣ በእንግሊዝኛ ግን አይወስዱም። ተማሪው የአማርኛውን ቃል ይዞ ስለሚሻገር ትርፍ ቃል ይጨምራል።

- ስለ ችግሩ ተወያየን፦ «ዲስከስ ዘ ፕሮብሌም»፤ «አባውት» አይገባም።
- ወደ ክፍሉ ገባ፦ «ኤንተር ዘ ሩም»፤ «ቱ» አይገባም።
- ለጥያቄው መልስ ሰጠ፦ «አንሰር ዘ ኩዌስችን»፤ ግሱ ስም ሲሆን ግን «ዘ አንሰር ቱ ዘ ኩዌስችን» ይባላል።
- ከእሷ ጋር ተጋባ፦ «ሜሪድ ኸር»፤ ማግባቱ እንደ ሁኔታ ሲነገር «ማሪድ ቱ ኸር» እንጂ «ማሪድ ዊዝ» አይደለም።

ተቃራኒው ስሕተትም አለ። አማርኛው ተሳቢውን በግሱ ላይ በ«-ኝ» ወይም በ«-ው» ስለሚያስር መስተዋድድ አይፈልግም፤ እንግሊዝኛው ግን ይፈልጋል።

- ስማኝ፦ «ሊስን ቱ ሚ»
- ጠብቀኝ፦ «ዌይት ፎር ሚ»
- ተመልከተኝ፦ «ሉክ አት ሚ»
- አስረዳኝ፦ «ኤክስፕሌን ኢት ቱ ሚ»

«-ለት» እና «-በት»

በአማርኛ ግስ ላይ የሚቀጠሉት «-ለት» እና «-በት» ድርጊቱ ለሰውየው ጥቅም ወይም በሰውየው ጉዳት መሆኑን ይለያሉ። እንግሊዝኛ ይህን የሚያሳየው በመስተዋድድ ነው።

- መሰከረለት፦ «ቴስቲፋይድ ፎር ሂም»፤ መሰከረበት፦ «ቴስቲፋይድ አጌንስት ሂም»
- ኳስ ወረወረለት፦ «ቱ ሂም»፤ ድንጋይ ወረወረበት፦ «አት ሂም»
- ጮኸበት፣ ሳቀበት፦ «አት ሂም»

የምስክርነት ቃል በሚተረጎምበት ጊዜ «ፎር» እና «አጌንስት» ቢለዋወጡ የተከሳሹ ደጋፊ ከሳሽ ይሆናል። ኳሱና ድንጋዩም ቢሆኑ የሚያሳዩት ያንኑ ነው፤ «ቱ» ተቀባይ ያደርጋል፣ «አት» ዒላማ ያደርጋል።

«ለ» ራሱ ሁለት ፊት አለው። «ለእናቴ ደብዳቤ ጻፍኩ» ሲባል ደብዳቤው ለእሷ የተላከ ከሆነ «ቱ ማይ ማዘር» ነው። እሷ መጻፍ ስለማትችል እሷን ተክቼ ለሌላ ሰው የጻፍኩት ከሆነ ግን «ፎር ማይ ማዘር» ነው።

ከቅጽሎችና ከሌሎች ግሶች ጋር

የሚከተሉት በሕግ የሚገኙ ሳይሆኑ ከነመስተዋድዳቸው የሚያዙ ናቸው።

- በሒሳብ ጎበዝ፦ «ጉድ አት»
- በልጁ የሚኮራ፦ «ፕራውድ ኦቭ»
- ውሻ የሚፈራ፦ «አፍሬድ ኦቭ»
- ለጥበቃው ኃላፊ፦ «ሪስፖንሲብል ፎር»
- ከእኔ የሚሻል፦ «ቤተር ዛን»፤ እዚህ «ፍሮም» ማለት የተለመደ ስሕተት ነው።
- በራስ ምታት የሚሠቃይ፦ «ሳፈር ፍሮም»
- በስርቆት የተከሰሰ፦ «አክዩዝድ ኦቭ» ወይም «ቻርጅድ ዊዝ»፤ ትርጉማቸው ቢቀራረብም መስተዋድዶቻቸው አይለዋወጡም።

ከመስተዋድድ በኋላ ግስ ከመጣ መጨረሻው «-ኢንግ» ይሆናል። በማመልከቻ ደብዳቤ መዝጊያ ላይ «አይ ሉክ ፎርዋርድ ቱ ሂሪንግ ፍሮም ዩ» የሚባለው ለዚህ ነው፤ እዚህ ያለው «ቱ» መስተዋድድ ስለሆነ «ቱ ሂር» አይባልም።

በዓረፍተ ነገር መጨረሻ

«የምኖርበት ቤት» በእንግሊዝኛ «ዘ ሃውስ አይ ሊቭ ኢን»፣ «የተቀመጥኩበት ወንበር» ደግሞ «ዘ ቼር አይ ሳት ኦን» ነው። ተማሪዎች ብዙ ጊዜ መጨረሻ ላይ ያለችውን ቃል ይተዋሉ። ማስታወሻ የሚሆነው የአማርኛው «-በት» ነው፤ በአማርኛው ግስ ላይ «-በት» ካለ እንግሊዝኛውም ብዙ ጊዜ መስተዋድድ ይፈልጋል። የትኛው እንደሆነ ለማወቅ ዓረፍተ ነገሩን መፍታት ይበቃል። በወንበሩ ላይ ተቀመጥኩ ስለሚባል «ኦን»፣ በእስክሪብቶው ጻፍኩ ስለሚባል «ዊዝ» ይሆናል።

እንግሊዛዊው ጸሐፊ ጆን ድራይደን በ1672 ዓረፍተ ነገርን በመስተዋድድ መጨረስን ነቅፎ ነበር፤ ከዚያ በኋላም ነቀፌታው እንደ ሕግ ሲያስተምር ቆይቷል። ዛሬ ግን በንግግርም ሆነ በጽሑፍ እንደ ስሕተት አይቆጠርም። በጣም መደበኛ በሆነ ጽሑፍ መስተዋድዱን ወደ ፊት አምጥቶ «ዘ ሃውስ ኢን ዊች አይ ሊቭ» ማለት ይመረጣል።

አመራረጥና አጠናን

መስተዋድድ ለመምረጥ የሚከተለው ቅደም ተከተል ይረዳል።

1. መስተዋድዱን የሚያዝ ግስ ወይም ቅጽል መኖሩን ማየት። ካለ ምርጫው የእሱ ነው፤ ጥርጣሬ ከተፈጠረም መዝገበ ቃላት ላይ የሚፈለገው ግሱ ወይም ቅጽሉ ነው እንጂ መስተዋድዱ አይደለም።
2. ከሌለ የዝምድናውን ዓይነት መለየት፦ ቦታ፣ አቅጣጫ፣ ጊዜ፣ መሣሪያ ወይስ አድራጊ።
3. ቦታ ከሆነ እንደ ነጥብ፣ እንደ ገጽ ወይስ እንደ ክልል መታየቱን መወሰን።
4. የአማርኛውን ዓረፍተ ነገር ዘርዝሮ መናገር። «በጠረጴዛው» ከማለት «በጠረጴዛው ላይ»፣ «በጠረጴዛው ሥር» ወይም «በጠረጴዛው አጠገብ» ብሎ መጀመር፤ ልዩነቱን አማርኛው ራሱ ስለሚያውቀው ግማሹ መንገድ እዚያው ያልቃል።

ለማጥናትም ቃሉን ለብቻው ከመያዝ ከነመስተዋድዱ መጻፍ ይሻላል። በደብተር ላይ «ዌይት» ብሎ «ጠበቀ» ከማለት፣ «ዌይት ፎር» ብሎ «አንድን ሰው ጠበቀ» ማለት ያስፈልጋል። በመጀመሪያው መንገድ የተያዘ ቃል መስተዋድዱ በተፈለገ ቁጥር ያስገምታል።